አፍሽን ብቻ አንቀሳቅሺ

ጤና ይስጥልኝ ወዳጆቼ፣ እንዴት ሰነበታችሁ? ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ።

አራተኛ ክፍል ሳለሁ ለወላጆች ቀን መዝሙር እንለማመድ ነበር። አስተማሪያችን ጆሮዋን ወደየአፋችን እያስጠጋች ታዳምጣለች። እኔ ጋ ስትደርስ ቆም አለችና «አንቺ ድምፅሽን አታውጪ፤ አፍሽን ብቻ አንቀሳቅሺ» አለችኝ። ድምፄ ጎርናና ነው፣ ትሰሙታላችሁ። የበዓሉ ቀን ነጭ ሸሚዜን ለብሼ፣ ፊት ለፊት ቆሜ፣ አፌን ስከፍት ስዘጋ ቆየሁ። እናቴ «እንዴት ያምር ነበር!» ስትለኝ አለቀስኩ።

ጀርመናዊቷን ዘፋኝ ሂልደጋርድ ክኔፍን የሰማኋት ከስንት ዓመት በኋላ ነው። ጀርመንኛ አልችልም። ግን ድምፅዋን ስሰማ የያዝኩትን ሳህን አስቀመጥኩ። ጎርናና ነው! ከፍ ያለ ዜማ ላይ ልውጣ ብላ አትታገልም። ቡና ላይ ተቀምጣ ወግ የምታወራ ነው የምትመስለው፤ ዜማው ከኋላ ከኋላ ይከተላታል። አሜሪካዊቷ የጃዝ ዘፋኝ ኤላ ፊትዝጀራልድ «ድምፅ የሌላት ታላቅ ዘፋኝ» ብላታለች ይባላል። እኔ ይሄንን እንደ ትልቅ ምስጋና ነው የምወስደው።

ታዲያ ክኔፍ መጀመሪያ የፊልም ሰው ነበረች። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ልንገራችሁ። በ1925 ኡልም ተወልዳ በርሊን አደገች። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በተሠራው የመጀመሪያው የጀርመን ፊልም፣ በ1946 ማለት ነው፣ ከማጎሪያ ካምፕ ወደ ቤቷ የምትመለስ ሴት ሆና ተጫወተች። እዚያ ላይ የምታዩት ፍርስራሽ እውነተኛው በርሊን ነው። ከዚያ ሆሊውድ ወሰዳት። እሷ እንደተናገረችው ስምሽን ቀይሪ፣ ኦስትሪያዊ ነኝ በዪ ተባለች። እምቢ አለች። ሥራም ሳይሰጧት ከረሙ፤ ወደ አገሯ ተመለሰች።

በ1951 ደግሞ አንድ ፊልም ላይ ለጥቂት ሰከንድ ራቁቷን ታየች። አገር ተናወጠ! የኮሎኝ ከተማው የካቶሊክ ካርዲናል ሳይቀሩ ምእመናኑ ፊልሙን እንዳያዩ አስጠነቀቁ። ያ ሁሉ ጦርነትና እልቂት ካለፈ ገና ስድስት ዓመቱ ነው፤ ሕዝቡ የተቆጣው ግን በአንዲት ሴት ገላ ነው። ይሄ እስካሁን ያናድደኛል።

እሷ ግን በ1955 ብሮድዌይ በሚባለው የኒው ዮርክ የቲያትር ሰፈር፣ በአሜሪካዊው የዜማ ደራሲ በኮል ፖርተር ሙዚቃዊ ተውኔት መሪ ተዋናይ ሆነች። ትርኢቱ 478 ጊዜ ታየ። አሜሪካኖቹ «ክኔፍ» ማለት ስላቃታቸው «ኔፍ» ይሏት ነበር።

እኔን የሚነካኝ ግን የ60ዎቹ ዘመን ነው። የፊልሙ ሥራ ሲቀዘቅዝ ወደ ዘፈን ገባች፤ ግጥሙንም ራሷ መጻፍ ጀመረች። በ1968 ያወጣችው «ለእኔ ቀይ ጽጌረዳ ይዝነብልኝ» የሚለው ዘፈን፣ ዜማው የሃንስ ሃመርሽሚት ነው፣ ግጥሙ የእሷ። ሁሉን ካላገኘሁ ምንም ይቅርብኝ በምትል የ16 ዓመት ልጅ ይጀምራል። ትልቅ ሴት ሆናም ያው ናት፤ ትንሽ ነገር ይበቃኛል አትልም። ክኔፍ ያኔ 40 አልፏታል። ያን ፍላጎት በለስላሳ የልጅ ድምፅ ቢዘፍኑት አላምነውም ነበር። ከዚያ ሻካራ ጉሮሮ ሲወጣ ግን አመንኩት።

ትናንት ማታ ዕቃ ሳጥብ የእሷ ዘፈን አለቀና ቤቱ ጭር አለ። ሳላስበው የአራተኛ ክፍሉን መዝሙር ጀመርኩ። ድምፄን አውጥቼ። አንድም ስንኝ አልጠፋኝም።