100 የን

የሙያ ጓደኞቼ፣ ታላላቆቼም፣ እንደምን አመሻችሁ!

በፎቶ ዐውደ ርዕያችን የመዝጊያ ንግግር አድርግ ተብዬ ነው የቆምኩት። አዘጋጆቹን እግዜር ይስጥልኝ። ምስጋናውን እዚህ ላይ ላሳጥረውና የሆዴን ልናገር። እነዚህ ፎቶዎች ነገ ጠዋት ከግድግዳው ይወርዳሉ። ከዚያስ? የአምናዎቹ የት ናቸው? የእኔዎቹ አልጋ ሥር ናቸው፤ የእናንተንም አውቃለሁ።

እ.ኤ.አ. በ1960 ኬን ዶሞን የተባለ ጃፓናዊ ፎቶ አንሺ ስለ ቺኩሆ ልጆች የፎቶ መጽሐፍ አወጣ። ቺኩሆ በጃፓን የድንጋይ ከሰል የሚወጣበት አካባቢ ነበር። ነዳጅ ዘይት ከሰሉን ሲተካው ጉድጓዶቹ ተዘጉ፤ አባቶች ሥራ ፈቱ። አንዱ ፎቶ ክፍል ውስጥ የተነሳ ነው። የምሳ ሰዓት ነው። ምሳ የቋጠሩት ይበላሉ፤ ያልቋጠሩት መጽሐፍ ላይ አቀርቅረዋል። ማንበባቸው ነው እንዳትሉኝ! ያቺን አቀማመጥ በልጅነታችን የምናውቃት ስንቶቻችን ነን?

ዶሞን ያኔ አንቱ የተባለ ባለሙያ ነበር። መጽሐፉን ግን ሆን ብሎ በሸካራ ወረቀት አሳተመው፤ ዋጋውም 100 የን ብቻ ሆነ። ሠርቶ አደሩ እንዲገዛው ነዋ! እኔ የሰፈሬን ፎቶዎች ይዤ አንድ አሳታሚ ዘንድ ብሄድ ምን አለኝ መሰላችሁ? «ወረቀቱ ካላብረቀረቀ ማን ይገዛሃል?» ገዢውማ ፎቶው ውስጥ ያለው ሰው ነው! የልስትሮውን ፊት እየሸጥን ለልስትሮው የማይቀመስ መጽሐፍ የምናልመው እስከ መቼ ነው?

ርካሽ ብቻ ይሁን ማለቴ አይደለም። የሌላው ጃፓናዊ ፎቶ አንሺ፣ የኪኩጂ ካዋዳ «ካርታ» በጥንቃቄ የተሠራ መጽሐፍ ነው። የወጣው ሂሮሺማ በተመታች በ20ኛ ዓመቷ፣ ነሐሴ 6 ቀን 1965 እ.ኤ.አ. ነው። ገጾቹ እንደ መስኮት ወደ ግራና ቀኝ ይከፈታሉ። ስትከፍቱት ከቦምቡ የተረፈው ሕንፃ ግድግዳ ላይ ያለውን እድፍ ታገኛላችሁ። ግድግዳ ላይ ብትሰቅሉት ይህ መክፈት ከየት ይመጣል?

ፕሮቮክ የተባለች የጃፓን የፎቶ መጽሔትም አለች፤ በ1968 እና በ1969 እ.ኤ.አ. ሦስት ቁጥር ብቻ ወጥታ ቆመች። የደበዘዘና የተንቀጠቀጠ ፎቶ ያነሳችሁ ሁሉ የእሷ ባለዕዳ ናችሁ፣ ባታውቋትም።

ሰዓቴ አልቋል እያሉኝ ነው። ከበሩ አጠገብ ያለችው መጽሐፍ የእኔ ናት፤ 40 ገጽ፣ በፎቶ ኮፒ የተባዛች፣ በስቴፕለር የተያያዘች። ቡናችሁን ይዛችሁ አገላብጧት። ብታፈሱባትም አልቆጣም፤ ሌላ አባዛለሁ።