ልክ የሆነው ነገር ለምን ይረብሸኛል?

እሺ። ዛሬ አጭር ነው። አውቃለሁ፣ ሁልጊዜ እንዲህ ነው የምለው። ወንበሩም ያው ሲጢጥ ይላል። ስለ ወንበሩ የጻፋችሁልኝ ሰዎች፣ አንብቤያለሁ። አልተቀየረም። አይቀየርምም መሰለኝ።

ዛሬ ላወራ ያሰብኩት ሌላ ነገር ነበር። ማስታወሻ ሁሉ ይዣለሁ፣ እዚህ ፊቴ ነው ያለው። ግን ፕሮፌሰሯ... ፕሮፌሰሯን ታውቋታላችሁ። የእህቴ ልጅ ናት፣ እኔ ነኝ እንዲያ የምጠራት። ፋይናል ደርሶባታል፣ ሒሳብ። አብረን ስንለማመድ አንድ ጥያቄ ሠርታ መልሱን በትክክል አገኘችው። እኔ ከዚያ ወዲህ ሰላም የለኝም። ብትሳሳት ኖሮ እኮ ምንም አልነበረም። ልክ ማግኘቷ ነው ነገሩን ያመጣው።

ቆይ፣ ጥያቄውን ልንገራችሁ። እስክሪብቶ ያላችሁ ጻፉት። መኪና የምትነዱ አትጻፉ፣ ደግሞ ጣጣ እንዳታመጡብኝ።

(ኤክስ + 3)(2 − ኤክስ) = 4

ሁለት ቅንፍ ተባዝተው 4 ሆኑ። ኤክስ ስንት ነው? በቃ ይሄው ነው።

አሁን እሷ የሠራችውን ስሙ። መጀመሪያ እንዲህ ጻፈች፦ ኤክስ ሲደመር 3 እኩል ነው 4። ስለዚህ ኤክስ 1 ነው። ቀጥላ፦ 2 ሲቀነስ ኤክስ እኩል ነው 4። ስለዚህ ኤክስ ኔጌቲቭ 2 ነው። አለቀ። ሁለት መስመር። የመልሱን ገጽ ገለጠች፣ 1 እና ኔጌቲቭ 2 ይላል። ራይት አደረገች። ወደሚቀጥለው።

እና እኔ እዚያ ቁጭ ብዬ... ሒሳብ የሚወድ ሰው አሁን ጆሮውን ይዞ እየጮኸ ነው፣ አውቃለሁ። የማይወድ ሰው ደግሞ «እና ምን ችግር አለው?» እያለ ነው። ሁለታችሁንም እረዳለሁ። ችግሬም እሱ ነው።

እንደ ወጉ እንዲህ ነው የሚሠራው። ቅንፎቹን ታባዛለህ። 4ን ወደዚህ ታመጣለህ። ስታስተካክለው ኤክስ ስኩዌር ሲደመር ኤክስ ሲቀነስ 2 እኩል ነው ዜሮ ይሆናል። ፋክተር ታደርገዋለህ። 1 እና ኔጌቲቭ 2 ይመጣል። ያው መልስ! እሷ በሁለት መስመር ያገኘችው።

«አንዴ ቆይ» አልኳት።

«ምነው ጋሼ? ልክ ነው እኮ።»

«ልክ ነው። እንዴት አገኘሽው?»

አየችኝ። ያንን አስተያየት አሁንም አየዋለሁ። ሰው ከተሳሳተ ነው እንዴት አገኘኸው የሚባለው፣ አይደል? ልክ ለሠራ ሰው ማን እንዲህ ብሎ ይጠይቃል? ግን አስረዳችኝ፣ በትዕግሥት፣ ለሕፃን እንደሚያስረዱ። «ሁለት ነገሮች ተባዝተው ዜሮ ከሆኑ አንዱ ዜሮ ነው ብላችሁ አስተምራችሁን የለ? እዚህ ደግሞ 4 ነው። ስለዚህ አንዱ 4 ነው።»

«አስተምራችሁን» አለች። እኔን ከአስተማሪዎቹ ጋር ደመረችኝ። ይሁን።

እኔም አልኳት፣ 4 እኮ 2 በ2 ሊሆን ይችላል። 8 በግማሽ ሊሆን ይችላል። ለምን የግድ አንዱ 4 ይሆናል? ትንሽ አሰበች። ከዚያ ምን ብታደርግ ጥሩ ነው? በኤክስ ቦታ 1 አስገባች። 4 በ1፣ 4። ኔጌቲቭ 2 አስገባች። 1 በ4፣ 4። እስክሪብቶዋን አስቀመጠች።

«እና?» አለች።

ይቺ «እና» ናት።

ምክንያቱም... መልስህን መልሰህ አስገብተህ አረጋግጥ እያልን ነው ያሳደግናት። ይኸው አረጋገጠች። ይባስ ብሎ ማታ ተኝቼ ሳስበው ምን መጣልኝ መሰላችሁ? እንዲህ ዓይነቱ እኩልታ፣ ኳድራቲክ የሚባለው፣ ከሁለት በላይ መልስ ሊኖረው አይችልም። እሷ ሁለት አገኘች። ሁለቱንም አስገብታ አረጋገጠች። ሌላ ሦስተኛ የለም። ስለዚህ ነገሩን በጥብቅ ካየነው መልሷ ተረጋግጧል ማለት ነው! እንዴት እንዳገኘችው ሌላ ጉዳይ ነው። በግምትም ይሁን በሕልም፣ ማረጋገጫው ማረጋገጫ ነው። (ሳቅ) ለፍርድ ቤት ብታቀርበኝ ትረታኛለች።

ያኔ ግን ይሄ አልመጣልኝም። ያኔ 4ን ሰርዤ 6 አደረግኩት። «በይ ይሄን ሥሪው» አልኳት። በዚያው መንገዷ ሄደች። የመጀመሪያው ቅንፍ 6፣ ኤክስ 3። ሁለተኛው ቅንፍ 6፣ ኤክስ ኔጌቲቭ 4። አስገባች። ኔጌቲቭ 6 መጣ። ሌላውን አስገባች። አሁንም ኔጌቲቭ 6!

«ምልክት ብቻ ነው የሳትኩት» አለች።

ሳቅኩ። እውነቴን ነው፣ ከልቤ ሳቅኩ። ምክንያቱም ነገሩ እኔንም ገረመኝ። ለምን ሁለቱም ኔጌቲቭ 6? በዘፈቀደ የተሳሳተ ነገር እንዲህ በሥርዓት አይሳሳትም። ቁጭ ብለን አየነው። ሁለቱን ቅንፎች ደምሯቸው። ኤክስ ሲደመር 3፣ ሲደመር 2፣ ሲቀነስ ኤክስ። ኤክሶቹ ተጣፍተው 5 ብቻ ይቀራል። ኤክስ ምንም ይሁን ምን፣ የሁለቱ ድምር ሁልጊዜ 5 ነው። ስለዚህ አንዱ 4 ሲሆን ሌላው የግድ 1 ነው፣ ብዜታቸውም 4። ለዚህ ነው የሠራላት። አንዱ 6 ሲሆን ደግሞ ሌላው ኔጌቲቭ 1 ይሆናል፣ ብዜቱ ኔጌቲቭ 6። የ6ቱ ጥያቄ ትክክለኛ መልስ ዜሮ እና ኔጌቲቭ 1 ነበር። በሷ መንገድ ጨርሶ አይገኝም።

ይሄን ስናገኝ ደስ ብሎኝ ነበር። በጣም። እሷም ደስ ያላት መስሎኝ ነበር።

ከዚያ ደብተሯን ወደ ኋላ መግለጥ ጀመረች።

ራይት። ራይት። ራይት። ገጹ ሁሉ ራይት ነው። አንዱን ታያለች፣ ወደሚቀጥለው ትሄዳለች። ከዚያ ቀና ሳትል «ከነዚህ ውስጥ ስንቱ በዕድል ነው?» አለችኝ።

...

ምን ይባላል? አንድም አይደለም ልበላት? አላየኋቸው። ሁሉንም እንደገና ሥሪው ልበላት? ፋይናሉ በር ላይ ነው። ትንሽ ቆይታ ደግሞ፣ በቁጣ አይደለም፣ እንዲያው ደክሟት ነው፣ «ጋሼ፣ ይሄን ከፈተናው በኋላ ብትነግረኝ ምን ነበረበት?» አለች።

እና እኔ መልስ አልነበረኝም። አሁንም የለኝም። አንዳንድ ቀን «ነግሬያት ጥሩ አደረግኩ» እላለሁ። ትናንት ግን ስታመነታ አየኋት። ቀላል ጥያቄ ነው፣ በፊት ዝም ብላ የምትጽፈው። እስክሪብቶው አየር ላይ ቆመ። ሰዓት በተቆጠረበት ፈተና ላይ ይሄ ማመንታት ዋጋ አለው። ምርጫ ብቻ በሆነ ፈተና ደግሞ መንገድህን የሚያይ የለም። የሚታረመው ያጠቆርከው ፊደል ነው። 4 አማራጭ ካለ ዓይኑን ጨፍኖ የሚገምትም ከአራት አንዱን ያገኛል። እንግዲህ በእንዲህ ዓይነት ፈተና ፊት...

ደግሞ ጥያቄውን ያወጣው ሰው! እሱን ማን ይጠይቀው? ለምን 4? መልሱ ሙሉ ቁጥር እንዲሆን ፈልጎ ነው መሰለኝ፣ ይገባኛል። ግን 6ም ሙሉ ቁጥር ይሰጣል፣ አሁን አየነው እኮ። 4ን ከ6 ባያስበልጥ ኖሮ እኔ ዛሬ ስለሌላ ነገር ነበር የማወራው። እዚህ ማስታወሻዬ ላይ ስላለው። ስለ... ተውት፣ ለሚቀጥለው።

አንድ ነገር ግን ልጨምር። ይሄ የዜሮ ነገር። ተባዝተው ዜሮ ከሆኑ አንዱ ዜሮ ነው የሚለው። ለኛ ቀላል ሆነብን እንጂ ቀላል አይደለም። አል-ኽዋሪዝሚ፣ በ9ኛው ክፍለ ዘመን ባግዳድ የነበረው የሒሳብ ሊቅ፣ እነዚህን እኩልታዎች በ6 ዓይነት ከፍሎ ነው የሠራቸው። ሁሉንም ወደ አንድ ጎን አምጥቶ ዜሮ ማድረግ ብሎ ነገር የለም። ኔጌቲቭ ቁጥር እንደ መልስ አይቀበልም ነበር። ታዋቂው ምሳሌው ኤክስ ስኩዌር ሲደመር 10 ኤክስ እኩል ነው 39 ነው፣ በኛ አጻጻፍ። መልሱ 3 ነው ብሎ ዘጋው። ኔጌቲቭ 13ም ይሠራል፣ አስገቡት። ግን አላነሳትም። እሱን ማንም ግማሽ ማርክ አልቀነሰበትም! (ሳቅ)

ዜሮም ቢሆን ደግሞ ሁሉም ቦታ አይታመንም። ሰዓት ላይ ቁጠሩ፣ 12 ሲደርስ ዜሮ ነው በሉት። 3 በ4 ስንት ነው? 12። ማለትም ዜሮ። ሁለቱም ግን ዜሮ አይደሉም። ማትሪክስም፣ ያ በረድፍና በዓምድ የተደረደረ የቁጥር ሠንጠረዥ፣ እንደዚያው ነው፣ ሁለት ማትሪክሶች ሁለቱም ባዶ፣ ማለትም ሁሉ ዜሮ፣ ሳይሆኑ ብዜታቸው ባዶ ሊሆን ይችላል። ማትሪክስ ደግሞ ፋይናሉ ላይ አለ። ይሄን ለፕሮፌሰሯ አልነገርኳትም። አልነግራትምም። ቢያንስ እስከ... ይኸውላችሁ፣ አሁን እኔም እየደበቅኩ ነው።

ስለ ልምምድ ጠይቃችሁኝ ነበር፣ «እንዴት ነው የምታስጠናት?» ብላችሁ። እኔ አላስጠናትም። አጠገቧ እቀመጣለሁ። ግን አንድ የማውቀው ጥናት አለ፣ ሮረር እና ቴይለር የሚባሉ ሰዎች በ2007 እ.ኤ.አ. ያወጡት። ተማሪዎችን የአንዳንድ ጠጣር ቅርጾችን ይዘት እንዲያሰሉ አስተማሩ። ግማሾቹ አንድ ዓይነቱን ጨርሰው ወደሚቀጥለው ሄዱ። ግማሾቹ ደግሞ ተደባልቆ ነው የተሰጣቸው። ልምምዱ ላይ በየዓይነቱ የሠሩት 89 በመቶ አገኙ፣ የተደባለቀባቸው 60። ከሳምንት በኋላ ሲፈተኑ ተገለበጠ። በየዓይነቱ የሠሩት 20 በመቶ፣ የተደባለቀባቸው 63።

ስለዚህ ልምምድ ላይ ደስ የሚለው ነገር ለፈተናው አልጠቀመም። የኳድራቲክ ምዕራፍ ላይ ቁጭ ብለህ ስትሠራ ሁሉም ጥያቄ ኳድራቲክ ነው። ይሄ ምንድነው ብለህ አትጠይቅም፣ ገጹ ነግሮሃል። እጅህ ብቻውን ይሄዳል። የሷም ደብተር እንደዚያ ነው፣ ምዕራፍ በምዕራፍ፣ ያምራል። ደባልቂው አልኳት። ደባለቀችው። አሁን ብዙ ትሳሳታለች፣ ተናዳለች፣ «ጥናቱን የሠሩት ሰዎች ፋይናል ነበረባቸው?» አለችኝ። (ሳቅ) እንግዲህ ምን ልበላት። 63 በመቶም እኮ... ማለቴ፣ 63 ለፕሮፌሰሯ ውጤት አይደለም፣ ታውቋታላችሁ።

እኔ እንጃ። አንዳንዴ መንገዱን ማወቅ ከመልሱ ይበልጣል ብዬ በሙሉ ልብ ልናገር እፈልጋለሁ። ግን የሚፈተነው እኔ አይደለሁም። ለኔ መናገር ቀላል ነው።

ዛሬ ጠዋት መልእክት ላከችልኝ። ሰላምታ የለ፣ ምን የለ። ሎግ፣ ሎጋሪዝም ማለት ነው፣ በቅንፍ 1 ሲደመር 2 ሲደመር 3፣ እኩል ነው ሎግ 1 ሲደመር ሎግ 2 ሲደመር ሎግ 3። ከሥሩ «ይሄስ?»

ይሄ ደግሞ ልክ ነው። ሎጎች ሲደመሩ የብዜቱን ሎግ ነው የሚሰጡት፣ 1፣ 2 እና 3 ደግሞ ሲደመሩም 6፣ ሲባዙም 6። ሎጉን እንዲያ መበተን ክልክል ነው፣ ውጤቱ ግን ልክ ነው። ራሷ ፈልጋ አገኘችው? ወይስ ደብተሯ ውስጥ ራይት ተደርጎ ተቀምጦ ነበር? እያሾፈችብኝ ነው ወይስ ደንግጣ ነው የምትጠይቀኝ? ከጽሑፉ አይታወቅም። ሳቅ የምትል ምልክት እንኳን አላስገባችም። ሁልጊዜ ታስገባ ነበር። መጀመሪያ «ልክ ነው» ብዬ ልጻፍላት አልኩ፣ ከዚያ «ልክ ነው ግን» ብዬ ጀመርኩ፣ ከዚያ...

ቆይ፣ ስልኩ ነው። እሷ ናት መሰለኝ። ይሄን ላቁመውና