የኮሪያን ሲኒማ በኪሱ ያስጀመረው ሰው

[ምስል፦ የድሮዋ ሴኡል ጎዳና]

ኮሪያውያን በየዓመቱ ኦክቶበር 27ን የፊልም ቀን ብለው ያከብራሉ። ነገሩ የሚጀምረው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1919 በዚሁ ቀን፣ ሴኡል ውስጥ፣ ዳንሶንግሳ በሚባል ቲያትር ቤት ነው። የቤቱ ኃላፊ ፓርክ ሱንግ ፒል ይባላል። ካሜራ ይዞ አያውቅም፤ ትወናም ሥራው አይደለም። ያን ምሽት ለታየው ሥራ ግን 5,000 ዎን ያወጣው እሱ ነው።

[ምስል፦ መድረክ፣ ነጭ ጨርቅ]

ሥራው ሙሉ ፊልም አልነበረም፤ ኪኖ ድራማ ይሉታል። ተዋናዮቹ መድረክ ላይ ይጫወታሉ። ታሪኩ ከቤት ወደ ደጅ ሲወጣ መብራት ይጠፋና ነጭ ጨርቅ ይወርዳል። ቅድም እፊታችሁ ቆሞ የነበረው ተዋናይ አሁን ጨርቁ ላይ ነው፤ የሃን ወንዝ የብረት ድልድይም አብሮ ይታያል። መብራቱ ሲበራ ሰውየው በአካል ተመልሶ ታገኙታላችሁ። እስቲ አስቡት፤ ያ ተመልካች እስከዚያ ቀን ስክሪን ላይ ሲያይ የኖረው የባዕድ አገር ከተማ ነው። በዚያው ዓመት ማርች ላይ ደግሞ ነፃነት ብሎ አደባባይ የወጣውን ሕዝብ የጃፓን ቅኝ ገዢዎች በኃይል በትነውታል። በዚህ ሁሉ መሀል የገዛ ወንዙን ስክሪን ላይ አየ።

ፓርክ ለዚህ ሥራ እንግዳ አልነበረም። ከ1908 ጀምሮ ጓንግሙዴ በተባለ ቤት ባህላዊ ሙዚቃና ጭፈራ ሲያቀርብ ቆይቷል። ሕዝቡ ምን እንደሚወድ ያውቃል።

[ምስል፦ የእጅ ካሜራ]

የ1919ኙን ሥራ የቀረጸው ባለሙያ ከጃፓን የመጣ ነበር። ፓርክ በዚያ አልረካም። በ1924 ገንዘቡም ባለሙያውም ሙሉ በሙሉ የኮሪያውያን የሆነ ፊልም አሠራ፤ ካሜራውን የያዘው ሊ ፒል ው ነው። የመረጠው ታሪክ ሕፃን አዋቂው የሚያውቀው ተረት ነው። በእንጀራ እናታቸው ተንኮል የሞቱ ሁለት እህትማማቾች፣ መንፈሳቸው ፍትሕ ፍለጋ ሹም ፊት ይቀርባል። ለእኔ የፓርክ ብልሃት ያለው እዚህ ምርጫ ላይ ነው። ፊልሙ ድምፅ አልባ ነው፤ ሰው ግን ታሪኩን ገና ሳይገባ በቃሉ ይዞታል።

በ1926 የዳይሬክተሩ የና ዉን ግዩ ዝነኛ ፊልም «አሪራንግ» ለመጀመሪያ ጊዜ የታየውም ዳንሶንግሳ ውስጥ ነው።

ፓርክ በ1932 አረፈ። ከሦስት ዓመት በኋላ፣ በዚያው አዳራሽ፣ የመጀመሪያው ድምፅ ያለው የኮሪያ ፊልም ታየ። ድምፁን የቀዳው ያ የ1924ቱ ካሜራማን፣ ሊ ፒል ው ነበር።