አሸንድዬ፦ ከበሮው ዳገት ሲወጣ

ሰናይት፦ ያደግኸው ላስታ ውስጥ፣ ከአቡነ ዮሴፍ ተራራ ሥር ነው። ነሐሴ ሲባል መጀመሪያ ምን ትዝ ይልሃል?

ያሬድ፦ የጅራፍ ድምፅ። ነሐሴ 13፣ በቡሄ፣ እኛ ከዚህ ሸንተረር ላይ ስናጮህ የማዶ እረኞች ይመልሱልናል። ወንዙ ሞልቶ መሻገሪያ የለም፤ በጅራፍ ግን እንጠራራለን።

ሰናይት፦ «ቡሄ ካለ የለም ክረምት» ይባል የለ?

ያሬድ፦ ለደጋ ሰው ይህ አባባል ይቸኩላል። ጉሙ አልተነሣም፤ ገብሱ አልደረሰም፤ ጎተራውም ተሟጧል። አሸንድዬ የሚመጣው በዚህ መካከል ነው፤ ነሐሴ 16፣ የፍልሰታ ጾም ሲፈታ። እህቶቼ በዋዜማው ሣሩን ሊያጭዱ ይወጣሉ። የበዓሉ ስም የሣሩ ስም ነው። ለምለሙን ቅጠል በገመድ ላይ ደርድረው ወገባቸው ላይ ያስሩታል፤ ሲጨፍሩ ከቀሚሳቸው በላይ ይዘናፈላል። ኩሉ፣ ድሪው፣ የፀጉር ሹሩባው ሳይቀር በዚያ ሌሊት ይሰናዳል። እንጨት ለቀማውና ውኃ መቅዳቱ ለእኛ ለወንዶቹ ይተርፋል፤ ቀኑ የእነሱ ነውና።

ሰናይት፦ በዋግ ሻደይ፣ በቆቦ ሶለል፣ በትግራይ አሸንዳ ነው። እኔ ግን ያየሁት ከተማ ውስጥ፣ በመድረክ ላይ ብቻ ነው።

ያሬድ፦ መድረኩ ለብዙ ሰው አሳይቶታልና አልጠላውም። ነገር ግን መድረክ ደጃፍ የለውም! ልጃገረዶቹ ከበሮ ይዘው የሚዞሩት ከቤት ወደ ቤት ነው። ጭቃውና ዝናቡ ለሳምንታት እግር ያሳጣውን ደጃፍ ሁሉ ይረግጡታል። ማን እንደታመመ፣ የማን ላም እንደወለደች የሚሰማው ከእነሱ ነው።

ሰናይት፦ የማትረሳው ደጃፍ አለ?

ያሬድ፦ ከመንደሩ ጫፍ፣ ከዳገቱ አናት ላይ ብቻቸውን የሚኖሩ እናት ነበሩ። ልጃገረዶቹ እሳቸው ዘንድ ሳይደርሱ አይመለሱም። አንድ ዓመት እህቴ ማታ ስትገባ «የእማማ ቤት ያፈሳል» አለች። አባቴ በማግስቱ ጠዋት የክዳን ሣር ተሸክሞ ወጣ፤ እኔም ተከተልሁት።

ሰናይት፦ እሳቸውስ ለልጆቹ ምን ይሰጡ ነበር?

ያሬድ፦ ሽንብራ። አንድ ጣሳ ሽንብራ ከሰኔ ጀምረው ለብቻ ያስቀምጡላቸው ነበር፤ ጎተራቸው ባዶ በሆነበት ዓመት እንኳ አልነኩትም።