አቡበከር፣ 29 ጎል እና የባቲ ግመል

[ምስል፦ ባቲ፣ ሰኞ ጠዋት። የግመል ገበያው።]

ሰኞ ነው። ባቲ ነን። ከኮምቦልቻ ወደ አፋር ሲወርዱ የሚገኘው ይህ ገበያ ዛሬ ጢም ብሏል። አፋሩ ግመሉን እየነዳ ገብቷል። ኦሮሞው ከብቱን ይዟል። ከደጋ የወረደው አማራ እህሉን ዘርግቷል።

ያንን ከእናቱ ኋላ ኋላ የሚለውን ግልገል እዩት። ሁለመናው እግር ነው። አንገቱ ላይ ገመድ አለ፤ ባለቤቱ ሲጎትተው ግን አንድ እርምጃ አይሄድም። እናቱ ስትራመድ ነው የሚራመደው።

ይሄ ግልገል አድጎ ጎረምሳ ሲሆን በዐረብኛ «በክር» ይባላል። «አቡ» ደግሞ አባት ማለት ነው። አቡ በክር፤ የጎረምሳ ግመል አባት።

አዎ፣ አቡበከር። በ2013 የውድድር ዘመን በኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ 29 ጎል ያገባው የኢትዮጵያ ቡናው አቡበከር ናስር። ዛሬ የማወራችሁ ስለ ኳሱም ስለ ስሙም ነው። እኔ የወሎ ልጅ ነኝና ሁለቱን ነጥዬ ማየት አልችልም።

[ምስል፦ ደሴ፣ ፒያሳ። ማታ። ሰው የሞላው ዲኤስቲቪ ቤት።]

መጀመሪያ ኳሱ። 2013ን አስታውሱ። ኮሮና ነበር። ክለቦቹ በየሜዳቸው መጫወት ቀርቶ አንድ ከተማ ላይ ተሰብስበው ይጫወቱ ነበር። አዲስ አበባ፣ ጅማ፣ ባሕር ዳር፣ ድሬዳዋ፣ ሐዋሳ እያሉ ዞሩ። ሊጋችን በዲኤስቲቪ በቀጥታ መታየት የጀመረውም በዚያው ዓመት ነው። እስከዚያ ድረስ እዚህ ደሴ የእንግሊዝን ኳስ እንጂ የራሳችንን ሊግ ከፍሎ የሚያይ አልነበረም። በዚያ ዓመት ግን ቡና ሲጫወት ወንበር ጠፋ። ሰዉ የሚመጣው ለአንድ ልጅ ነበር።

ልጁ ከተከላካይ ጀርባ መጥፋት ያውቅበታል። አለ ስትሉት የለም፤ የለም ስትሉት ግብ ፊት ነው። በአንድ ጨዋታ ሦስት ያገባባቸው ቀናት አሉ። ዋንጫውን ፋሲል ከነማ ወሰደ፤ የዓመቱ ወሬ ግን አቡበከር ነበር።

29 ቁጥሩ ለምን እንዲህ ከበደ? በ1993 የመብራት ኃይሉ ዮርዳኖስ ዓባይ 24 አግብቶ ነበር። ክለቡም በዚያ ዓመት ሻምፒዮን ሆነ። ያ 24 ለ16 ዓመት የደፈረው አልነበረም። በ2009 የደደቢቱ ጌታነህ ከበደ 25 አደረሰው። ልብ በሉ፣ 16 ዓመት ተጠብቆ የጨመረው አንድ ጎል ነው። ከዚያ አቡበከር መጣና በአንዴ አራት ጨመረበት።

ዮርዳኖስ፣ ጌታነህ፣ አቡበከር። ሦስቱን ስሞች አንድ ጊዜ ጮክ ብላችሁ በሏቸው። የተቀዱት ከሦስት የተለያየ ምንጭ ነው።

[ምስል፦ ወንዝ።]

ዮርዳኖስ ዓባይ። ይሄ ሰው በስሙ ሁለት ወንዝ ይዞ ነው የተጫወተው። የራሱ ስም ክርስቶስ የተጠመቀበት ወንዝ ነው። የአባቱ ስም የእኛው ዓባይ። በእኛ አገር ዮርዳኖስ ብዙ ጊዜ የሴት ስም ነው፤ ወንዱም ግን ይጠራበታል።

ስም ከቦታ ሲወሰድ ናፍቆት አለበት። ወላጅ ያላየውን፣ ሊያየው የሚመኘውን ቦታ ልጁ ላይ ያስቀምጠዋል። ወሎ ውስጥ መዲና የምትባል ልጅና ጽዮን የምትባል ልጅ በአንድ ግቢ ያድጋሉ። ሁለቱም የተሰየሙት በቅድስት ከተማ ነው። መሐመድ ሳላህም የመጀመሪያ ልጁን መካ ብሏታል።

[ምስል፦ ጌታነህ በብሔራዊ ቡድን ማሊያ።]

ጌታነህ ከበደ። ይሄኛው ስም የተወሰደው ከንግግር ነው። ጌታ ነህ። ሙሉ ዓረፍተ ነገር! ለፈጣሪ የተነገረ ምስጋና ሊሆን ይችላል። እናት ልጇን አቅፋ «አንተ ለኔ ጌታ ነህ» ያለችውም ሊሆን ይችላል። ከበደ ደግሞ ክብደት አገኘ፣ ተከበረ ነው። ደቡብ አፍሪካ ሄዶ ለቢድቬስት ዊትስ ሲጫወት ስሙን የሚጠራው ኮሜንታተር አንድ የአማርኛ ዓረፍተ ነገር እየተናገረ መሆኑን አያውቅም።

አማርኛ በዚህ ሀብታም ነው። ሽመልስ በቀለን ውሰዱ። ሽመልስ ማለት ሺህ መልስ፤ ሺህ ጠላት ብቻህን መልስ ነው። ለአማካይ ተጫዋች ከዚህ የተሻለ ስም ከየት ይመጣል?

አዳነ ግርማስ? ጥር 13 ቀን 2005። ኢትዮጵያ ከ31 ዓመት በኋላ ለአፍሪካ ዋንጫ አልፋ፣ ኔልስፕሩይት ላይ የዋንጫውን ባለቤት ዛምቢያን ገጥማለች። በረኛችን ጀማል ጣሰው በቀይ ካርድ ወጥቷል። በአሥር ሰው ነን። አንድ ለዜሮ እየተመራን ነው። አዳነ አገባ። አንድ እኩል። ያን ማታ ደሴ ውስጥ መንገድ ላይ የነበረ ሰው ሁሉ «አዳነ አዳነን!» ሲል ሰምቻለሁ። ስሙ ግሥ ሆነ። ዛሬም ሳስበው ደስ ይለኛል።

በረኛውን ግን አንለፈው። ጀማል ጣሰው። ጀማል ዐረብኛ ነው፤ ውበት ማለት ነው። ጣሰው አማርኛ ነው፤ ደምስሰው፣ ርገጠው እንደማለት። ልጁ በዐረብኛ፣ አባቱ በአማርኛ። እንዲህ ያለው ስም ለወሎ ሰው አዲስ አይደለም።

[ምስል፦ ደሴ፣ ሆጤ ሜዳ። ልጆች ሲጫወቱ።]

ሆጤ ሜዳ ሂዱ። ዳር ቆማችሁ ልጆቹ ሲጠራሩ ስሙ። «ዳዊት፣ አቀብል!» «ዳውድ፣ ተመለስ!» ዳዊትና ዳውድ አንድ ስም ነው። ዮሴፍና ዩሱፍ አንድ ነው። ሙሴና ሙሳ፣ ሰለሞንና ሱለይማን፣ አብርሃምና ኢብራሂም። እንድሪስ የሚባለውን የወሎ ስም እንኳ ብዙ ሊቃውንት ከሄኖክ ጋር አንድ ነው ይላሉ። አሥራ አንድ ልጅ ተሰልፎ ስድስት ስም ብቻ ሊኖር ይችላል።

ወሎ ውስጥ በስም ሃይማኖት የሚገምት ሰው ቶሎ ይሳሳታል። አያቱ አሊ የሆነ ቄስ አለ። አባቱ ተሰማ የሆነ ሼህ አለ። ከደሴ ወጣ ብላ ያለችው ቦሩ ሜዳ ለዚህ አንድ ትልቅ ምክንያት ናት። በ1870 ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ እዚያ ጉባኤ ካደረጉ በኋላ የወሎ ባላባቶች ክርስትና እንዲነሡ ታዘዙ። መሐመድ አሊ ተጠመቀና ሚካኤል ተባለ። ኋላ ንጉሥ ሚካኤል የሆነው፣ የልጅ ኢያሱ አባት፣ እሱ ነው። ታሪኩ ቀላል ታሪክ አይደለም፤ ብዙ ሕመም አለበት። ትእዛዙ የልጁን ስም ሲቀይር የአያቱን ግን አልቀየረም። ስማችን ሲዘረዘር ወደ ኋላ ነውና የድሮው ከአዲሱ ጋር አብሮ ይጠራል።

[ምስል፦ ወደ ባቲ መመለስ። ግመሉ።]

አሁን ወደ አቡበከር። የእሱ ስም የተወሰደው ከሰው ነው። አቡበክር የነቢዩ መሐመድ የቅርብ ወዳጅና የመጀመሪያው ኸሊፋ ናቸው። አብዛኞቹ ታሪኮች የተጸውኦ ስማቸው ዐብዱላህ እንደነበር ይናገራሉ። «አቡ በክር» መጠሪያ ነው፤ ክብር ያለው ቅጽል።

ይሄ ለወሎ ሰው ለመረዳት አይከብድም። እኛም የፈረስ ስም አለን። ንጉሥ ሚካኤል «አባ ሻንቆ» ነበሩ። ቴዎድሮስ «አባ ታጠቅ»፣ ምኒልክ «አባ ዳኘው»። እዚያ አቡ፣ እዚህ አባ። እዚያ ግመል፣ እዚህ ፈረስ።

ግን አንድ ነገር ልናገር፤ እዚህ ላይ ብዙ የስም ትርጉም ቪዲዮዎች ይስታሉ። አቡበከር ብሎ ልጁን የሚጠራ አባት ስለ ግመል እያሰበ አይደለም። ሰውየውን እያሰበ ነው። ታማኝነታቸውን። ሐበሻውን ቢላልን ከባርነት ገዝተው ነፃ ማውጣታቸውን። የቃሉ ፍቺ አንድ ነገር ነው፤ ስሙ የወጣበት ምክንያት ሌላ።

ናስርስ? ረዳት፣ ድል የሚያቀዳጅ። ግን ናስር የአባቱ ስም ነው። እኛ የቤተሰብ ስም የለንም። የራስህ፣ የአባትህ፣ የአያትህ፤ አለቀ። ውጭ አገር ስትሄድ ሁለተኛውን ስም የቤተሰብ ስም አድርገው ጀርባህ ላይ ይጽፉታል። የሳላህም እንዲሁ ነው። ሙሉ ስሙ መሐመድ ሳላህ ሐሚድ ማሕሩስ ጋሊ ነው። የሊቨርፑል ደጋፊ «ሳላህ» እያለ ሲዘምር የሚያወድሰው የልጁን አባት ነው። ወልድያ ባለው ትልቁ ስታዲየም ስም ላይ እንኳ ልጅ፣ አባትና አያት ተሰልፈው ታገኛላችሁ፤ መሐመድ፣ ሁሴን፣ አሊ።

አቡበከር በ2014 ለደቡብ አፍሪካው ማሜሎዲ ሰንዳውንስ ፈረመ። እስከ ዓመቱ መጨረሻ ቡና ቆይቶ ሄደ። ሰንዳውንስ በአፍሪካ ካሉት ጠንካራ ክለቦች አንዱ ነው። ልጁ እዚያ መጫወት ጀምሮም ነበር። ከዚያ ጉዳት መጣ። ዳነ ሲባል ተመልሶ ያመዋል። ረጅም ጊዜ ከሜዳ ራቀ። ይሄን ሳወራ ሆዴን ይበላኛል። በ29 ጎል ማግስት እንዲህ መሆኑ ከባድ ነው።

[ምስል፦ ቡና እየተፈላ። ጀበና፣ ረከቦት።]

በ2013 ግንቦት፣ ሊጉ ሊያልቅ ሲል፣ ኮምቦልቻ ያለች እህቴ ወንድ ልጅ ወለደች። ባሏ የቡና ደጋፊ ነው፤ አብዷል። «አቡበከር ይባል» አለ። ቤቱ ውስጥ ቡና ተፈልቷል። የመጀመሪያው ስኒ፣ አወሉ፣ እየተቀዳ ነው። አያቴ ጥግ ላይ ተቀምጣለች። ማተብ ያሰረች ሴት ናት፤ የልጁ የአባት ወገን ደግሞ ሙስሊም ነው። ሁላችንም አየናት። በእኛ ቤት እሷ ሳትናገር ስም አይጸናም።

ስኒዋን ተቀበለች። «የማን ስም ነው?» አለች።

አማቻችን ስለ ኸሊፋው ነገራት። አቋረጠችው። «እሳቸውንማ አውቃለሁ። ቢላልን ያስፈቱት አይደሉ? ይሄ ኳስ የሚጫወተውን ነው የምልህ። ስንት አገባ?»

«29፣ እማ።»

ቡናዋን ፉት አለች። «ታዲያ ምን ትጠብቃላችሁ፣ ጥሩት እንጂ» አለች።