ዋንዛ ከተተከለ በኋላ

ጤና ይስጥልኝ፣ እንዴት ሰነበታችሁ? ዛሬ የማወራው ስለ ዋንዛ ነው። ሐምሌ ላይ ችግኝ መትከል ለደሴም ለኮምቦልቻም አዲስ አይደለም። እኔን የሚያሳስበኝ ኅዳር ነው። ኅዳርንና ታኅሣሥን ከተሻገረ አብሽሩ፣ ዛፍ ይሆናል። ካልተሻገረ ግን ስህተቱ ብዙውን ጊዜ የተተከለ ዕለት የተሠራ ነው።

እስቲ ችግኙን ከፕላስቲኩ አውጡና ከታች በኩል ሥሩን እዩት። ችግኝ ጣቢያ ብዙ የቆየ ከሆነ ሥሩ እንደ ጥምጥም ዞሮ ታገኙታላችሁ። እንዲያው ከቀበራችሁት ወደ ታች አይወርድም፤ ክረምቱን ለምልሞ ይከርምና የላዩ አፈር ሲደርቅ አብሮ ይደርቃል። የተጠመጠመውን በምላጭ ቁረጡት። ፕላስቲኩን ከታች ብቻ ቀድዶ መትከል አይበጅም፣ ሙሉ በሙሉ ይውጣ። ጉድጓዱ 50 ሴንቲ ሜትር ጥልቀት፣ 50 ስፋት ይኑረው። ስትቆፍሩ የላዩን አፈር ለብቻ፣ የታችኛውን ለብቻ አድርጉ፤ ስትመልሱ የላዩን ከብስባሽ ጋር አደባልቃችሁ አስቀድሙ፣ ሥሩ የሚያርፈው እዚያ ላይ ነውና።

ዘሩን ራሱ ማፍላት የሚፈልግም አለ። ልጆች የሚልሱትን ያን የሚያጣብቅ ቢጫ ፍሬ ውሃ ውስጥ ዘፍዝፎ፣ አሽቶና አጥቦ ማድረቅ ነው። ለመብቀል ከ40 እስከ 60 ቀን ይፈጅበታልና ቶሎ ተስፋ አትቁረጡ። ከአንድ ፍሬ ሁለት ከበቀለ ጠንካራውን አስቀሩ።

ቦታም ይለያያል። ኮምቦልቻ ወደ 1,850 ሜትር ከፍታ ላይ ስለሆነች ለዋንዛ ትመቻለች። እዚያ የሚያስቸግረው ውሃ የሚቋጥር ዋልካ አፈር ነው፤ ጉብታ ሠርታችሁ ጉብታው ላይ ትከሉ። ደሴ ግን ወደ 2,500 ሜትር ትጠጋለች፣ ለዋንዛ ዳር ነው ማለት ይቻላል። ጎድጓዳ ቦታ ላይ ቀዝቃዛ አየር ይተኛል፣ ውርጩም ለጋውን ጫፍ ያቃጥለዋል። የጠዋት ፀሐይ የሚያገኝ ተዳፋት ምረጡ። ወደ ጦሳ ተራራ ሽቅብ ከሆነ ዋንዛውን ተዉት፤ ወይራ ወይም ኮሶ ይሻላል።

ዝናቡ ካቆመ ጀምሮ እስከ በልግ ድረስ በሳምንት አንዴ ግማሽ ጀሪካን፣ ማለትም 10 ሊትር፣ ቀስ እያደረጋችሁ አጠጡ። በየቀኑ አንድ ጣሳ መርጨት ሥሩን ላይ ላዩን ያስቀረዋል። ደረቅ ሣር ጎዝጉዙለት፣ ግንዱን ግን አይንካ፤ ያበሰብሰዋል። ፍየል ቅጠሉን ስለምትወድ የችግኙ ቁመት ከአፏ እስኪያልፍ የእሾህ አጥሩ አይነሣ።

አንድ ልብ በሉልኝ፤ ዋንዛ በበጋ ቅጠሉን ያረግፋል። ደረቀ ብሎ የሚነቅለው ብዙ ነው፣ ያሳዝናል። ከመንቀላችሁ በፊት ግንዱን በጥፍራችሁ ትንሽ ፋቅ አድርጉት። ከልጡ ሥር አረንጓዴ ከታየ በሕይወት አለ፤ ውሃውን ቀጥሉ።