በሦስት ስሞች የተነሣ ብረት

[ምስል፦ የሴኡል ኦሎምፒክ መድረክ። አንድ አጭር ሰው ወደ ብረቱ ይራመዳል።]

ተራኪ፦ ቁመቱ 1 ሜትር ከ47 ሴንቲ ሜትር የሆነው ይህ ሰው እ.ኤ.አ. በ1988 ከ60 ኪሎ ግራም በታች በሚወዳደሩበት ምድብ 190 ኪሎ ግራም ብረት ከራሱ በላይ አንሥቶ ሲያቆም፣ በውጤት ሰሌዳው ላይ የሰፈረው ስም ናይም ሱለይማኖግሉ ነበር። ከሁለት ዓመት በፊት ሶፊያ ላይ የዓለም ሻምፒዮን የሆነው ግን ናኡም ሻላማኖቭ ተብሎ ነው፤ ከዚያም ቀደም ሲል ናይም ሱለይማኖቭ ይባል ነበር።

ስለ ስሞቹ ከመናገራችን በፊት ስለ ስፖርቱ ጥቂት እንበል። ተወዳዳሪው በስናች ብረቱን ከወለል ባንድ እንቅስቃሴ ከራሱ በላይ ያደርሰዋል፤ በክሊን ኤንድ ጀርክ ደግሞ መጀመሪያ ትከሻው ላይ ያሳርፈውና ከዚያ ወደ ላይ ይገፋዋል። ለእያንዳንዱ ሦስት ሙከራ ይሰጠዋል፤ ደረጃውን የሚወስነው የሁለቱ ምርጥ ውጤቶች ድምር ነው። በቀላል ምድብ የሚወዳደር ሰው ብረቱን ከመንካቱ በፊት ከሚዛን ጋር ይታገላል፤ ምክንያቱም ከተፈቀደለት ክብደት ጥቂት ግራም ቢያልፍ ከምድቡ ይወጣል።

[ምስል፦ የደቡብ ቡልጋሪያ ተራራማ መንደሮች።]

ናይም እ.ኤ.አ. በ1967 በቡልጋሪያ ከቱርክ ተወላጆች ተወለደ። ያደገው በአሠልጣኙ ኢቫን አባጂየቭ ሥርዓት ውስጥ ሲሆን፣ ይህ ሥርዓት አትሌቱ በየቀኑ፣ በቀንም ደጋግሞ፣ የአቅሙን ጫፍ የሚነካ ክብደት እንዲያነሣ ያስገድዳል። ብዙዎችን የሰበረ ሥርዓት ነው፤ ናይምን ግን በ16 ዓመቱ የአዋቂዎች የዓለም ክብረ ወሰን ባለቤት አደረገው። የሰውነቱን ክብደት ሦስት እጥፍ በክሊን ኤንድ ጀርክ በማንሣትም በታሪክ ሁለተኛው ሰው ሆነ። የመጀመሪያው የአገሩ ልጅ ስቴፋን ቶፑሮቭ ነበር፤ ይህን ስም እንያዘው፣ በኋላ እንመለስበታለን።

የ1984 የሎስ አንጀለስ ኦሎምፒክ ለናይም ወርቅ የሚያጠልቅበት መድረክ ሊሆን ይችል ነበር፤ ቡልጋሪያ ግን ከሶቪየት ኅብረት ጎን ቆማ ቀረች። (ኢትዮጵያም በዚያው ዓመት ቀርታለች፤ የእኛም ሯጮች ያንን ዕድል አጥተዋል።) በዚያው ዓመት መጨረሻ የቡልጋሪያ መንግሥት የቱርክ ተወላጆችን ስም በግዳጅ ወደ ቡልጋሪያኛ መለወጥ ጀመረ። የዓለም ክብረ ወሰን ባለቤት መሆንም አላዳነውም፤ ሱለይማኖቭ ሻላማኖቭ ሆነ።

እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1986 ለዓለም ዋንጫ ወደ ሜልበርን በተጓዘ ጊዜ ከቡድኑ ተሰወረ፤ በለንደን በኩልም ጠቅላይ ሚኒስትር ቱርጉት ኦዛል በላኩት አውሮፕላን ቱርክ ገባ። ሆኖም አገር የለወጠ አትሌት ያለ ቀድሞ አገሩ ፈቃድ ኦሎምፒክ ላይ ወዲያው መሰለፍ ስለማይችል፣ ቱርክ ለቡልጋሪያ ከ1 ሚሊዮን ዶላር በላይ መክፈሏ በሰፊው ተዘግቧል። እንግዲህ ሰውዬው በኪሎ ብቻ ሳይሆን በዶላርም ተመዘነ ማለት ነው።

[ምስል፦ የውጤት ሰሌዳ፤ 152.5፣ 190፣ 342.5።]

ሴኡል ላይ በስናች 152.5፣ በክሊን ኤንድ ጀርክ 190፣ በድምሩ 342.5 ኪሎ ግራም አነሣ። ብር የወሰደው ያ ቶፑሮቭ ነው፤ በመካከላቸው ያለው ልዩነት 30 ኪሎ ግራም ነበር። ይበልጥ የሚያስደንቀው፣ ከእርሱ በላይ ባለው የ67.5 ኪሎ ግራም ምድብ ወርቅ የተገኘው በ340 መሆኑ ነው፤ ናይም እዚያ ቢገባም በዚያ ውጤት አንደኛ ይወጣ ነበር።

በ1992 ባርሴሎና ላይ ያለ ብዙ ጭንቅ ደገመ። በ1996 አትላንታ ላይ ግን፣ በ64 ኪሎ ግራም ምድብ፣ የግሪኩ ቫሌሪዮስ ሌዎኒዲስ ጠበቀው፤ እርሱም ቢሆን በሶቪየት ኅብረት ተወልዶ ለሌላ ባንዲራ የተሰለፈ ሰው ነበር። አዳራሹ በቱርክና በግሪክ ደጋፊዎች ጩኸት ለሁለት ተከፈለ። ሌዎኒዲስ በክሊን ኤንድ ጀርክ 187.5 አንሥቶ የዓለም ክብረ ወሰን ሲይዝ፣ ናይም ያንኑ ክብደት አነሣና በ335 ድምር መራ። ሌዎኒዲስ የቀረው መንገድ 190 ብቻ ነበር፤ ብረቱ ግን እምቢ አለው። በ2.5 ኪሎ ግራም ልዩነት ናይም ሦስተኛውን የኦሎምፒክ ወርቅ አጠለቀ።

በ2000 ሲድኒ ላይ በስናች 145 ኪሎ ግራም ሦስት ጊዜ ሞክሮ ሦስቱንም ሳተ። በዚያ ምድብ ያሸነፈው ኒኮላይ ፔሻሎቭ ሲሆን፣ በባርሴሎና ለቡልጋሪያ ተሰልፎ ከናይም ቀጥሎ ሁለተኛ የወጣ፣ አሁን ግን የክሮኤሽያን መለያ የለበሰ ሰው ነበር።

[ምስል፦ ኢስታንቡል፣ ኅዳር 2017።]

ናይም ሱለይማኖግሉ በጉበት ሕመም እ.ኤ.አ. ኅዳር 18 ቀን 2017 በ50 ዓመቱ ዐረፈ። ሬሳ ሳጥኑ በቱርክ ባንዲራ ተሸፍኖ ሲሸኝ፣ ከቀባሪዎቹ መካከል ከግሪክ የመጣው ሌዎኒዲስ ይገኝበት ነበር።